ቀብሩን ሰርግ ብዬ የተረጎምኩ ጊዜ

እኔ ፖርቱጋልኛ አልችልም። አስቀድሜ የምናገረው ኋላ ላይ ሰምታችሁ እንዳትታዘቡኝ ነው። የማውቀው ቢበዛ ዐሥራ አንድ ቃል ነው። ባልዲ፣ መወልወያ፣ ሳሙና፣ እንደምን አደርሽ፣ ወለሉ እርጥብ ነው፣ ሱፐርቫይዘሩ መጣ። የቀሩት ሱፐርቫይዘሩ ከሄደ በኋላ የሚባሉ ስለሆኑ እዚህ አልጽፋቸውም።

እንዲህም ሆኖ ስምንት ወር ሙሉ የብራዚል ድራማ ከፖርቱጋልኛ ወደ አማርኛ ስተረጉም ኖሬአለሁ። ማንም አልቀጠረኝም፣ ማንም አልከፈለኝም። ተው ያለኝም የለም፤ የሚያውቅ ሰው ቢኖር ኖሮ ይለኝ ነበር። አድማጬ አክስቴ እትዬ አስካለ ነበሩ።

እትዬ አክስቴ ይባሉ እንጂ እናቴ ናቸው። እናቴ ስትሞት የአራት ዓመት ልጅ ነበርኩ፤ እሳቸው ወስደው ከአንድ ልጃቸው ከበላቸው ጋር አሳደጉኝ። በላቸው በሁለት ወር ይበልጠኛል። ይህቺን ሁለት ወር እስከ ሠላሳ ስምንት ዓመታችን ድረስ እንደ ማዕረግ ነው የሚጠቀምባት። ከናዝሬት ስልክ ሲደውል እንኳ ደቂቃው እየቆጠረ፣ "መጀመሪያ ታላቅህን እንዴት ነህ በል እንጂ!" ይለኛል። እሱ የከባድ መኪና ሹፌር ሆኖ የአሰብን መንገድ ሲመላለስ፣ እኔ በሱዳን አድርጌ ቶሮንቶ ገባሁና የቢሮ ወለል ወልዋይ ሆንኩ። ሁለታችንም መንገድ ላይ ቀረን፤ የእሱ ረዘም ይላል።

እትዬን ስፖንሰር አድርጌ ያመጣኋቸው እኔ ነኝ። ሲመጡ ዓላማቸው አንድና አንድ ነበር፤ እኔን መዳር። "በስድስት ወር ድሬህ እመለሳለሁ" ብለው አንድ ሻንጣ ብቻ ይዘው መጡ። ምን ያደርጋል፣ ፍሌሚንግደን ፓርክ ዐሥራ አንደኛ ፎቅ ላይ ተቀምጦ ሚስት መፈለግ ከመርከብ ላይ ሆኖ በግ እንደ መግዛት ነው። ጎረቤት አይንኳኳም፣ ሰፈር አይጠየቅም፤ ኤለቬተር ውስጥ የሚገኘው ሰው ሁሉ ቁጥሩን ነው የሚያየው። ስድስት ወሩ ሁለት ዓመት ሆነ። እኔም አላገባሁ፣ እሳቸውም አልተመለሱ።

እኔ ጎህ ሳይቀድ በአውቶቡስ ኖርዝ ዮርክ እሄዳለሁ፤ ከሰዓት በኋላ ዘጠኝ ሰዓት ላይ እመለሳለሁ። እስከዚያ እትዬ ከቲቪው ጋር ብቻቸውን ናቸው። መጀመሪያ የእንግሊዝኛውን ሞከሩት። ሰው አንድ ቃል በተናገረ ቁጥር ሕዝብ የሚስቅበትን የምታውቁት ነው። እትዬ ሦስት ቀን ታገሡና አማተቡ።

"ቤቱ ውስጥ ሁለት ሰው ነው ያለው። የሚስቀው ሕዝብ የት ተቀምጦ ነው?"

"ሳቁን ለብቻው ቀድተው ነው የሚጨምሩት፣ እትዬ።"

"ከማን?"

ይህን እኔም እስከ ዛሬ አላውቅም። ብቻ ከዚያ በኋላ ያን ቻናል ሰይጣን ያለበት ቤት አደረጉት፤ ሲያልፉበትም ቶሎ ነው። እንዲህ እየጫኑ ሲሄዱ የስደተኛ ሁሉ ቋንቋ በየተራ የሚወጣበትን ቻናል አገኙ። ጣሊያኑ ይወጣል፣ ግሪኩ ይወጣል፣ ህንዱ ይወጣል፤ አሥር ሰዓት ሲሆን ደግሞ የብራዚል ድራማ ይመጣል። ከሰኞ እስከ ዓርብ፣ አንድ ሰዓት ሙሉ። አውቶቡስ ዘግይቶብኝ የተመለስኩ ቀን እትዬ ወንበራቸውን ስክሪኑ ድረስ አስጠግተው አገኘኋቸው።

"እነዚህስ ሰዎች ናቸው" አሉኝ።

"በምን አወቁ?"

"ያለቅሳሉ። ሲያለቅሱ ደግሞ አፋቸውን አይይዙም።" ከዚያ ዞር ብለው ጠየቁኝ፤ "አሁን ምን እያለችው ነው?"

እዚህ ላይ አላውቅም ብል ይህ ሁሉ ባልመጣ ነበር። ችግሩ ቀደም ብዬ ጉራዬን ነዝቻለሁ። ኒልዳ የምትባል ብራዚላዊት አለች፤ ሥራ ቦታ አብራኝ ትወለውላለች፣ በፎቃችን ላይም ሦስት በር አልፎ ነው የምትኖረው። እትዬ የመጡ ሰሞን ኤለቬተር ውስጥ ብታገኘን፣ ከዐሥራ አንዱ ቃል አምስቱን ባንድ ትንፋሽ አወረድኩባት። እትዬ ኮሩ። "የነጩን ጨርሰህ የጠይሙንም ያዝክ!" አሉ። እንግዲህ ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። ለሳቸው ብዙ ቋንቋ ዐዋቂ ነኝ፤ እንዴት አድርጌ ልመለስ?

"እወድሃለሁ ነው የምትለው፣ ግን አባቷ ፈርቶ" አልኩ። ጀመርኩት።

እናንተዬ፣ ውሸት ለካ ሥራ ነው! በቀን አንድ ሰዓት እየተረጎሙ ነገ ምን እንዳሉ ማስታወስ አለ። ፖርቱጋልኛ ስለማልችል የማውቀውን የአገሬን ነገር ነው የምሰጣቸው። ባለ ጺሙን የከብት እርባታ ጌታ ፊታውራሪ አልነው። ፊታውራሪው ከወንድማቸው ጋር በርስት ይካሰሳሉ፤ ልጃቸውን ሽማግሌ ተልኮ ይጠየቃል፤ ሴቶቹ ዕቁብ ይጥላሉ። ፈረስ የሚጋልበውን ጠይም ጎረምሳ እትዬ ራሳቸው ጎበዜ አሉት። እናቱ ሁልጊዜ መስኮት ላይ ቆማ መንገድ መንገድ ስለምታይ እማማ መስኮት ተባለች። እትዬ ከሁሉ እሷን ነው የሚወዱት። "አንድ ልጅ ያላት ሴት እንዲህ ናት" ይሉ ነበር።

አንድ ቀን ጎበዜ አንዲቷን ቆንጆ ከመስኮቱ ሥር አቅፎ ሳማት። እኔ ደግሞ ከአክስት ጋር ቁጭ ብሎ ይህን ማየት አሳፍሮኝ፣ "እህቱ ናት፣ ከመንገድ መጥታ ነው" አልኩ። በሦስተኛው ሳምንት አብረው አልጋ ላይ አላገኘኋቸውም መሰላችሁ! እትዬ ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ጣሉ። እኔ ላብ በላብ ሆኜ፣ "የእንጀራ እህቱ ነች፣ እሷም በኋላ ሲጣራ የሌላ ሰው ልጅ ሆና ተገኘች" ብዬ ያን ቤተሰብ በአንድ ዓረፍተ ነገር ከኃጢአት አወጣሁት። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ይሉ የለ፤ ይህን ለማስታረቅ ብቻ ሁለት አዲስ አያት ጨመርኩ።

እትዬ ደግሞ እሁድ እሁድ ከቅዳሴ በኋላ ለሴቶቹ ይተርኩታል። አንዷ እናት ሰምተው ሰምተው፣ "ሽማግሌ ይልካሉ፣ ዕቁብ ይጥላሉ... እነዚህ ሰዎች ከጎንደር ሳይሄዱ አልቀሩም" ብለው ደመደሙ። ይህ ወሬ ዛሬም በከተማው ይዞራል፤ ምንጩ እኔ ነኝ።

ኒልዳ ድራማውን በራሷ ቤት ነው የምታየው። ከእትዬ ጋር የሚያገናኛቸው ቋንቋ ስለሌለ ትርጉሜን የሚያርም አልነበረም። በሷ አገር ድራማ ሲታይ መንገዱ ጭር ይላል ትላለች፤ ክፉ ሆኖ የተወነውን ሰው ገበያ ውስጥ ሴቶች ይሰድቡታል አሉ። ይህኛው ድራማ በአገሯ ካለቀ ቆይቷል፤ እህቷም መጨረሻውን በስልክ ነግራታለች። ግን በማግስቱ ሥራ ስንገናኝ ዓይኗ አብጦ ነው የማገኛት።

"መጨረሻውን እያወቅሽው ምን ያስለቅስሻል?" አልኳት አንዴ በእንግሊዝኛ።

"ማወቅና ማልቀስ ምን አገናኛቸው?" አለችኝና ባልዲዋን ገፍታ ሄደች።

እስካሁን እየቀለድኩ ነው የመጣሁት። ከዚህ በኋላ ያለውንም እቀልዳለሁ፤ ሌላ የማውቀው አነጋገር የለኝም።

የካቲት ውስጥ አንድ ማክሰኞ፣ ሺፍቴ ሳያልቅ፣ ጋሽ ተስፋዬ ታክሲያቸውን ይዘው ሥራ ቦታዬ ድረስ መጡ። ጋሽ ተስፋዬ የእድራችን ሰብሳቢ ናቸው። ግባ አሉኝ፣ ገባሁ። ሜትሩን አጠፉት። ታክሲ ነጂ ሜትሩን ሲያጠፋ ነገር እንዳለ መጠርጠር ነበረብኝ።

"ቀበቶህን እሰር" አሉኝ፤ መኪናው ቆሟል።

"ምነው ጋሼ?"

"ከናዝሬት እኔ ጋ ደውለው ነበር። የበላቸው መኪና ትናንት ተገልብጣ..."

"ሆስፒታል ነው?"

መስታወቱን የሚጠርገውን ነገር አስነሱት፤ ዝናብም በረዶም አልነበረም፤ ደረቁን መስታወት እየፋቀ ይጮሃል። እኔም እሱን እያየሁ ቀረሁ። ወንድሜ እንደሞተ የሰማሁት እንዲህ ነው።

የአገራችንን ወግ ታውቁታላችሁ። ሞት ዝም ብሎ አይነገርም። ጎህ ሲቀድ፣ ሰው ተሰብስቦ፣ የሚይዝ ይዞ፣ ውኃ ተዘጋጅቶ፣ ትልቅ ሰው አፉን ከፍቶ ነው። የኔ መርዶ ግን በቀትር፣ የቆመ ታክሲ ውስጥ፣ በቀበቶ ታስሬ ሆነ። በጋሽ ተስፋዬ አልፈርድም። እሳቸው እኔን የቆጠሩኝ ከመርዶ ነጋሪዎቹ ወገን ነው። አስቀድሞ የሚያውቅ አንድ ሰው ቤት ውስጥ ያስፈልግ ነበር።

"እንደ ወንድ ቻለው" አሉኝ። "እትዬ እንዳይሰሙ። ቅዳሜ ጠዋት መጥተን እንነግራቸዋለን።"

"ለምን እስከ ቅዳሜ?"

"ሰው ሥራ ላይ ነው። ግማሹ ደብል ሺፍት አለው። ዛሬ ብንነግራቸው ነገ ማን አብሯቸው ይቀመጣል? ባዶ ቤት ይለቀቃሉ?" እውነታቸውን ነው። እዚህ አገር ሞትም ዊኬንድ ይጠብቃል። "ስልኩን ንቀለው፤ ከአገር ቤት ማንም እንዳይደውል። ፊትህንም አስተካክል።"

ፊትህን አስተካክል! ፊት እኮ ክራባት አይደለም። ኤለቬተራችን ውስጥ መስታወት አለ፤ እስከ ዐሥራ አንደኛ ፎቅ ስለማመድ ወጣሁ። ፈገግ ስል ጥርሴን ያመመኝ መሰልኩ። ኮስተር ስል የባሰ ሆነ። በመጨረሻ የደከመው ሰው ፊት ላይ ቆምኩ፤ እሱ የዘወትር ፊቴ ስለሆነ ብዙም አላስቸገረኝ።

ስልኩን ነቅዬ፣ "በብርዱ መስመሩ ተበላሽቷል" አልኩ። አሥር ሰዓት ሆነ። ተቀመጥኩ፣ ተረጎምኩ። ያን ቀን ደግነቱ ጎበዜ ከብት ጭኖ ሩቅ ከተማ ሲሄድ ብቻ ነበር። በከባድ መኪና።

"እንደ በላቸው!" አሉ እትዬ ደስ ብሏቸው። "አየኸው ሲነዳ? እጁን አየኸው? የኔ ልጅም እንዲህ በአንድ እጁ ነው።"

"አየሁት" አልኩ።

ረቡዕ ዕለት ሥራ ስወለውል ዋልኩ፤ አንዱን ኮሪደር ሦስት ጊዜ ወልውዬው ሱፐርቫይዘሩ አመሰገነኝ። ቤት ገባሁ። ድራማው እንደተጀመረ አንድ ሰው በብስክሌት መጥቶ ለእማማ መስኮት ወረቀት ሰጣት። ወረቀቱ ምን እንደሆነ ገና ሳየው አወቅሁ። ቲቪውን ላጥፋው ብዬ ተነሳሁና፣ "ዛሬ ሥዕሉ ጥሩ አይደለም" አልኩ። እትዬ በመዳፋቸው ከላይ መቱት፣ የባሰ ጠራ። እማማ መስኮት ወረቀቱን ከፈተች፣ አነበበች፣ ጮኸችና ወለሉ ላይ ተዘረረች።

"ውይ! ምን ሆነች? ምንድነው ወረቀቱ?"

እንግዲህ ምን ልበል? በላቸው ከሞተ ሦስተኛ ቀኑ ነው። እናቱ አጠገቤ ተቀምጠው አንዲት እናት ወረቀት ይዛ ስትወድቅ ያያሉ። እውነቱን ብል፣ በስክሪኑ አሳብቤ መርዶ የነገርኳቸው መስሎ ተሰማኝ። ያንጊዜ በደንብ አላሰብኩትም፤ ሟርት እንዳይሆንባቸው ብቻ ነው የፈራሁት።

"ሎተሪ ደርሷት ነው" አልኩ። "በደስታ ራሷን ስታ ነው።"

"እሰይ! እሰይ! ዛሬስ እግዜር አያት!" ብለው እትዬ ብድግ አሉና እልል አሉ። ሦስት ጊዜ። ስክሪኑ ላይ ጎረቤቶቿ እየሮጡ መጥተው ያነሷታል፣ ደረቷን ትመታለች፣ እትዬ እልል ይላሉ። እኔ ወጥ ቤት ሄጄ ቧንቧ ከፍቼ ብርጭቆ አጠብኩ። የታጠበውን።

ሐሙስ ከሁሉም የከፋው ቀን ነው። ድራማው ሲጀምር ሠፈሩ ሁሉ ጥቁር ለብሶ ወጥቷል። ቄሱ አሉ፣ አበባ አለ፣ ስድስት ሰው የተሸከመው ሳጥን አለ።

"የምን ሰው ነው ይሄ ሁሉ?"

"ሰርግ ነው" አልኩ። አፌ ነው ያለው፤ እኔ አልነበርኩበትም።

"የማን?"

"የጎበዜ።"

"እሰይ! ታዲያ ጥቁር የለበሱት ምነው?"

"የብራዚል ሰርግ እንዲህ ነው። ነጭ የሚለብሱት ለለቅሶ ነው።"

"ጎበዜስ የታል?"

"ይመጣል። ሙሽራ ቶሎ አይመጣም።"

"ሳጥኑ ምንድነው?"

"ጥሎሽ።"

"ስድስት ሰው የሚሸከመው ጥሎሽ?"

"ፊታውራሪው ለጋስ ናቸው እኮ።"

እትዬ ወደ ስክሪኑ ጠጋ አሉ። እማማ መስኮት ሁለት ሴቶች ደግፈዋት መጣች። ሳጥኑ ጋ ስትደርስ ከእጃቸው አመለጠችና በሆዷ ተደፋችበት። እንጨቱን በጥፍሯ ትቧጥጣለች። እትዬ ልክ ናቸው፣ እነዚያ ሰዎች ማልቀስ ያውቃሉ።

"ጥሎሹ ላይ የምትወድቀው ለምንድነው?" አሉ እትዬ ቀስ ብለው።

"ደስ... ደስ ብሏት ነው። አንድ ልጇ ነው... ዳረችው..." አልኩ። ማክሰኞ በቀበቶ ታስሮ የቀረው ሁሉ ባንዴ መጣ። በላቸውንም ስድስት ሰው ተሸክሞት ይሆን? ማን ማን? እኔ ከስድስቱ አንዱ አልነበርኩም። ፊቴን በእጄ ይዤ እንደ ልጅ ነፈረቅሁ።

"አንተ! ምን ሆንክ?"

"ሰርግ ሆዴን ያባባዋል፣ እትዬ" አልኩ። "ሳላገባ ቀረሁ።"

ራሴን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ጸጉሬን ደባበሱኝ። "አይዞህ የኔ ልጅ። እድርሃለሁ። ለዚህ ይለቀሳል እንዴ? በላቸው ሲደውል እነግረዋለሁ፣ ከናዝሬት ጥሩ ልጅ ይፈልግልሃል" አሉኝ። ሰው እንዲህ ሲያጽናናኝ ለመጀመሪያ ጊዜ መሞት አማረኝ።

ዓርብ ሥራ ቦታ፣ መወልወያው የሚቀመጥበት ቁም ሳጥን የሚያክል ክፍል አለ፤ ገብቼ በሩን ዘጋሁና አለቀስኩ። ቤት አይቻል፣ አውቶቡስ ላይ አይሆን፣ የቀረኝ እሱ ነው። ኒልዳ ሳሙና ልትወስድ ስትከፍተው በባልዲ ላይ ተቀምጬ አገኘችኝ። ነገርኳት። "ሜው ዴውስ!" ብላ አቀፈችኝ፤ አምላኬ ማለቷ ነው። አብራኝ አለቀሰች። ያቺ ክፍል ለሁለት ሰው አትበቃም፤ መጥረጊያዎቹ ሁሉ ላያችን ላይ ወደቁ።

አንድ ነገር ግን ሳልነግራት ቀረሁ። አክስቴ አልሰሙም፣ እስከ ነገ አይሰሙም አላልኳትም። መደበቅ እንዳለበት ለማን ይነገራል? ማንም የሚያውቀው ነገር ነው ብዬ። ኒልዳ አበሻ አለመሆኗን በስምንት ወር የጎንደር ትርጉም ውስጥ እኔው ራሴ ረስቼው ኖሯል። በሷ አገር ሰው ሲሞት እናት ያኔውኑ ነው የምትሰማው።

አሥር ሰዓት ላይ ድራማው ሊጀምር ሲል በራችን ተንኳኳ። ኒልዳ ናት። ጥቁር ቀሚስ ለብሳለች፤ በእጇ በነጭ ጨርቅ የተሸፈነ ትሪ ይዛለች፤ አገሯ የሚበሉት ትንንሽ ክብ የአይብ ዳቦ ነው፣ ገና ይተናል። ትሪውን እኔ ላይ ጥላ ቀጥታ እትዬ አንገት ላይ ተጠመጠመች። ተንሰቀሰቀች። በፖርቱጋልኛ የምትለውን አንዷንም አላወቅኋትም፤ ግን ያን ቀን አስተርጓሚ አያስፈልግም ነበር።

እትዬ ጨዋ ሰው ናቸው። ምክንያቱን ባያውቁም የሚያለቅስ ሰው ብቻውን አይተዉም፤ "አይዞሽ፣ አይዞሽ" እያሉ ከእሷ ጋር ትንሽ አለቀሱ። ከዚያ በትከሻዋ ላይ አሻግረው አዩኝ።

"ምን ሆና ነው?"

ትሪው እጄን ያቃጥላል። ከነገ ጠዋት የሚለየን አንድ ሌሊት ነው። አንድ ውሸት፣ አንድ ብቻ፣ ከዚያ ያልቃል።

"ድራማው ነው፣ እትዬ። ጎበዜ ሞቶባት ነው።"

"ጎበዜ ሞተ?"

"ሞተ።"

"መቼ?"

"ረቡዕ።"

"ሐሙስ ሰርጉ አልነበረም እንዴ?"

አያችሁ? ስምንት ወር ሙሉ አያት ስጨምር፣ ርስት ስከፋፍል፣ ዘመድ ስቆጥር ያልተያዝኩት ሰውዬ፣ በአንድ ቀን ተያዝኩ። አፌን ከፈትኩት። ምንም የለበትም። ጥሎሹን፣ ሎተሪውን፣ የብራዚልን ሰርግ ሁሉ አሰብኩ፤ አንዱም አልነሳ አለኝ።

እትዬ ኒልዳን ቀስ አድርገው ከላያቸው አነሷትና ወንበር ላይ አስቀመጧት። ሄደው ቲቪውን አጠፉት።

"ና ተቀመጥ" አሉኝ። ትሪውን እንደያዝኩ ተቀመጥኩ።

"ይህ ልጅ የብራዚል ሰው ነው። በዓይኔ አይቼው አላውቅም። ስሙን እንኳ እኔ ነኝ ያወጣሁለት። የሱን ሞት ከኔ መደበቅ ምን ያደርግልሃል?" ድምፃቸው አልጨመረም። "ጥሎሽ ነው አልከኝ። እልል አስባልከኝ። አንተ የማታውቀውን ሰው ሬሳ ሰርግ ያደረግህብኝ፣ የማንን ሞት ታቅፈህ ነው?"

ትሪውን ጉልበቴ ላይ አደረግሁት።

"ስልኩም ተነቅሏል። ሽቦውን አይቼዋለሁ፤ ብርድ አይነቅልም። በላቸው ነው?"

ስምንት ወር ሙሉ ምን አለች፣ ምን አለ ሲሉኝ አንድም ቀን ቃል ጠፍቶኝ አያውቅም። የማውቀውን ነገር በጠየቁኝ ቀን ጠፋኝ። ራሴን በአዎንታ ነቀነቅኩ።

እንደፈራሁት አልጮኹም። የሚይዛቸው ሰው እንደሌለ አይተው ይመስለኛል። ሶፋው ላይ ያለውን ትራስ አነሱ፣ አፋቸው ላይ አጥብቀው ያዙት፣ በትራሱ ውስጥ ጮኹ። ኒልዳ ምን እንዳደረገች ያን ጊዜ ገባት። ወለሉ ላይ ወርዳ እግራቸውን ይዛ ቀረች። ዓርብ ከሰዓት በኋላ፣ አንድ የማይረባ አስተርጓሚና አንዲት ብራዚላዊት ባሉበት ቤት፣ እትዬ አስካለ የአንድ ልጃቸውን መርዶ ሰሙ። ከወጉ አንዱም አልተሟላ።

ሲደክማቸው ትራሱን አወረዱት።

"አንተን ማን አረዳህ?"

"ጋሽ ተስፋዬ። ማክሰኞ። ታክሲ ውስጥ።"

"ከማን ጋር?"

"ብቻዬን።"

በጣታቸው ቆጠሩ፤ ማክሰኞ፣ ረቡዕ፣ ሐሙስ፣ ዓርብ። ነገ ጠዋት እድሩ ሊነግራቸው እንደሚመጣ ነገርኳቸው፤ ዓይናቸውን ጠረጉ። "ነገ ሲመጡ እኔ አልሰማሁም። አፉ አላስችል አለው ብለው ስምህን ሲያነሱት ይኖራሉ። እንደ ወጉ ይንገሩኝ። አንተም ምንም አታውቅም።"

ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ መጡ። የኔ ዕድል ሆኖ ኤለቬተሩ ተበላሽቷል። ሃያ ሰው፣ ከነሽማግሌው፣ ዐሥራ አንድ ፎቅ በደረጃ ወጣ። መርዶ ነጋሪ በጸጥታ ነው የሚገባው፤ እነዚህ እንደ ወፍጮ እያጓሩ ገቡ። ጋሽ ተስፋዬ ግድግዳ ተደግፈው፣ "እትዬ... እትዬ አስካለ..." ይላሉ፣ ትንፋሽ የለም። አንዷ ሴት ለእትዬ ያመጣችውን ውኃ ለሳቸው ሰጠቻቸው።

"ምነው በጠዋት? ደህና ናችሁ?" አሉ እትዬ። ድንጋጤያቸው ለክፉ አይሰጥም ነበር፤ የብራዚሎቹ ተዋንያን ቢያዩአቸው ይቀጥሯቸዋል።

ጋሽ ተስፋዬ ትንፋሻቸው ተመለሰና ነገሯቸው። እትዬም ጮኹ። ይህኛው ትወና አልነበረም፤ ትናንት በትራስ የታፈነው ነው የወጣው። ሴቶቹ ያዟቸው፣ ቤቱ በለቅሶ ተናጋ።

እኔ ደግሞ ባለ ቤት ነኝ። "ወንበር አለ?" ይሉኛል፣ አመጣለሁ። "ብርጭቆ?" አመጣለሁ። "ሽንት ቤቱ በየት ነው?" አሳያለሁ። ትሪ ይዤ ውኃ ሳዞር ጋሽ ተስፋዬ ክንዴን ጨብጠው በጆሮዬ፣ "ጎበዝ! እንዴት ቻልከው? ወሬ የማይወጣው ሰው!" አሉኝ። አመሰገንኩ። ምን ልበል? ሦስት ብርጭቆ ቀርቶኝ ነበር፣ ወደሚቀጥለው ሰው ዞርኩ።

እትዬ የልጃቸውን ስም እየጠሩ ሲያለቅሱ ቆይተው ድንገት አቆሙ። ሴቶቹ ራሳቸውን የሳቱ መስሏቸው ደነገጡ። ቀና ብለው በሰው መሀል ፈለጉኝ።

"እሱንስ ማን ያልቅስለት?" አሉ። "የሞተው ወንድሙ አይደለም እንዴ? ውኃ ታስዞሩታላችሁ? ማክሰኞ ተነግሮት እስከ ዛሬ ብቻውን ነው ያለው!"

ሃያ ሰው ዞሮ አየኝ። ጋሽ ተስፋዬ መጀመሪያ እትዬን፣ ቀጥሎ እኔን አዩ፤ ማክሰኞ የምትለዋን ቃል እትዬ ከየት እንዳመጧት ፊታቸው ላይ ሲገባቸው አየሁ። ይቆጡኛል ብዬ ጠበቅሁ። ተነሥተው መጡና ትሪውን ከእጄ ተቀበሉኝ፤ በሌላው እጃቸው አንገቴን አቀፉኝ።

እትዬ ጠጋ ብለው ከጎናቸው ቦታ ለቀቁልኝ። ተቀመጥኩ። ያ ሁሉ ሰው ለቅሶውን እንደገና ከመጀመሪያው ለኔ ጀመረው።